«ኢታዳኪማሱ»፤ የጃፓን የገበታ ምስጋናና የእናት ድርሻ

የጃፓን ሰው ከገበታ ሲቀርብ ሁለት መዳፎቹን ከደረቱ ፊት ያጋጥምና ራሱን ጥቂት ዝቅ አድርጎ «ኢታዳኪማሱ» ይላል። በልቶ ሲያበቃም «ጎቺሶሳማ» ብሎ ይነሣል። ሁለቱም የምስጋና ቃላት ናቸው። ሕፃን አፉን በፈታ ማግስት ከእናቱ ጭን ላይ ሆኖ የሚማራቸው ስለሆኑ፣ የሚናገራቸው ሰው ትርጕማቸውን ቆም ብሎ የሚመረምረው ከስንት አንድ ጊዜ ነው። ምስጋና መሆናቸውን ሁሉም ያውቃል፤ ምስጋናው ለማን እንደሆነ ግን «ኢታዳኪማሱ» የሚለው ቃል ራሱ አይናገርም።

በ2005 (በዚህ ጽሑፍ የተጠቀሱት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቈጣጠር ናቸው) የታወቀው የዘፈን ግጥም ደራሲና የራዲዮ ሰው ኤይ ሮኩሱኬ በሚመራው ፕሮግራም ላይ አንድ የአድማጭ ደብዳቤ ተነበበ። ደብዳቤው አንዲት እናት ለልጇ ትምህርት ቤት ያቀረበችውን ጥያቄ የሚያወሳ ነበር። የምሳውን ዋጋ በደንቡ የምንከፍል ስለሆነ፣ ልጄን ምሳ ሲቀርብለት «ኢታዳኪማሱ» አታሰኙት ብላ ነበር። ነገሩ ብዙ ደብዳቤዎችን አስከተለ፤ ወሬውም ወደ ጋዜጣ ደረሰ። ከጸሐፊዎቹ የሚበዙት በእናቲቱ አነጋገር አዘኑ፤ ጥቂቶች ግን ደገፏት።

ይህ ጸሐፊ የእናቲቱን ጥያቄ በንቀት ማለፍ ተገቢ ነው ብሎ አያምንም። አጠያየቋ ሸካራ ቢሆንም ጥያቄው ቀጥተኛ ነው። ምስጋናው ለሻጩ ከሆነ ሒሳቡ ተከፍሏል። ለሌላ ከሆነ፣ ያ ሌላ ማን ነው? የጃፓን ታሪክ ለዚህ ጥያቄ በየዘመኑ የተለያየ መልስ ሰጥቷል። ከመልሶቹ መካከል ምግቡን ያበሰለችው ሴት ለብዙ ጊዜ አለመገኘቷ ነው ይህን ጽሑፍ ለመጻፍ ያነሣሣኝ።

ከቃላቱ እንነሣ። «ኢታዳኪማሱ» የመጣው «ኢታዳኩ» ከሚለው ግሥ ነው። የግሡ ጥንታዊ ትርጕም በአናት ላይ ማድረግ፣ ከራስ በላይ ከፍ አድርጎ መያዝ ሲሆን፣ ከዚያው ሥር የወጣው «ኢታዳኪ» የተራራን ጫፍ ያመለክታል። በጥንት ጊዜ ከጌታው እጅ ወይም ከመሠዊያ ላይ ስጦታ የሚቀበል ሰው የተቀበለውን ወደ አናቱ ከፍ አድርጎ እጅ ይነሣ ነበር። ከዚህም የተነሣ ቃሉ በመጀመሪያ በትሕትና መቀበል፣ ኋላም በትሕትና መብላት የሚል ትርጕም ያዘ። ከታላቅ እጅ የሚሰጠውን በሁለት እጁ ጐንበስ ብሎ መቀበልን የተማረ የአገራችን ሰው የዚህን ቃል መንፈስ ለመረዳት አይቸገርም። ቃሉ ተቀባዩን ዝቅ ያደርጋል እንጂ ሰጪውን በስሙ አይጠራም። አምላክም ይሁን ጌታ፣ ገበሬም ይሁን እናት፣ የሰጪው ቦታ ክፍት ነው።

«ጎቺሶሳማ» ከዚህ ይለያል። መካከለኛው ክፍል «ቺሶ» የሚጻፈው በሁለት የቻይና ፊደላት ሲሆን፣ አንደኛው ፈረስ ማስጋለብን፣ ሁለተኛው መሮጥን ያመለክታል። እንግዳ የመጣበት ሰው የሚቀርበውን ለማግኘት ወዲያና ወዲህ ይራወጥ ስለ ነበር ሩጫው የግብዣው ስም ሆነ። ከፊትና ከኋላ የተቀጠሉት «ጎ» እና «ሳማ» የአክብሮት ምልክቶች ናቸው። በአማርኛችን «ለእንግዳ ጉድ ጉድ አለች» የምንለውን ዐይነት አነጋገር መሆኑ ነው። እንግዲህ በዚህኛው ቃል ውስጥ አንድ የሮጠ ሰው አለ። በግብዣ ቀን የሚሮጠው አባወራው ሊሆን ይችላል፤ በዓመት ውስጥ ከሺህ ጊዜ በላይ ለቤተ ሰቧ ማዕድ የምትሮጠው ማን እንደሆነች ለማወቅ ግን ምርምር አያሻም።

ስለ ምግብና ስለ ምስጋና በጃፓን ከተጻፉት የቀድሞ ጽሑፎች መካከል፣ በእኔ ግምት፣ ከፍ ያለውን ቦታ የሚይዘው የመነኩሴው የዶገን ሥራ ነው። ዶገን (1200–1253) ሶቶ የተባለውን የዜን ቡድሂዝም ክፍል ወደ ጃፓን ያስገባ ሰው ነው። በ1223 ለትምህርት ወደ ቻይና ተሻግሮ ገና ከመርከቡ ሳይወርድ፣ አንድ የ61 ዓመት መነኩሴ የጃፓን እንጉዳይ ሊገዛ ወደ ወደቡ መጣ። ሽማግሌው የአንድ ገዳም የወጥ ቤት ኀላፊ ነበር። ለመነኮሳቱ ሾርባ ለመሥራት ሲል ያን ሁሉ መንገድ በእግሩ ተጕዟል። ዶገን እንዲያድርና እንዲጫወቱ ቢለምነው፣ የነገው ምግብ ያለ እኔ አይሆንም ብሎ እንቢ አለ። በዚህ ዕድሜህ ከጸሎትና ከመጻሕፍት ይልቅ ስለ ምን በማድ ቤት ትደክማለህ ብሎ ሲጠይቀውም ሽማግሌው ሣቀና፣ የሩቅ አገሩ ሰው ትምህርት ምን እንደሆነ ገና አልገባውም አለው።

ዶገን ይህን ሣቅ አልረሳውም። በ1237 «ተንዞ ክዮኩን»፣ ማለትም ለወጥ ቤት ኀላፊ የሚሆን ትምህርት፣ የተባለውን ጽሑፍ ጻፈ። ሩዙ ሲታጠብ አሸዋው እንዴት እንደሚለቀም፣ አንዲት ፍሬ እንኳ እንዳትባክን እንዴት እንደሚጠነቀቁ፣ የነገው ቍርስ ዛሬ ማታ እንዴት እንደሚታሰብ በዝርዝር አስተማረ። ምግብ የሚያበስል ሰው ሦስት ልብ ሊኖረው ይገባል ይላል፤ የደስታ ልብ፣ የወላጅ ልብና ታላቅ ልብ። ሁለተኛውን ሲያብራራ፣ አባትና እናት የራሳቸውን ብርድና ሙቀት ሳያስቡ ልጃቸውን እንደሚከልሉ፣ አብሳዩም ለሩዙና ለውኃው እንደዚያው እንዲያስብ ያሳስባል። የሕይወት ታሪኩ እንደሚናገረው ዶገን አባቱንና እናቱን በሕፃንነቱ ያጣ ሰው ነው። እናት በሌለችበት ገዳም ለማድ ቤቱ የሚሆን ልብ ሲፈልግ ያገኘው የወላጅን ልብ መሆኑን ሳነብ ሁልጊዜ ይገርመኛል። በዚያው በዜን ሥርዐት መነኮሳት ከመብላታቸው በፊት ከቻይና የመጡ አምስት አሳቦችን በቃል ይደግማሉ። የመጀመሪያው ይህ ምግብ እዚህ እስኪደርስ ምን ያህል ድካም እንደ ፈጀ እንዲያስቡ የሚያዝዝ ነው። እዚህ ላይ ምስጋናው ወደ ሰው ድካም ይመለከታል ማለት ነው።

በ18ኛው መቶ ዓመት ግን አቅጣጫው ወደ ሰማይ ዞረ። የጃፓንን ጥንታዊ መጻሕፍት በመመርመር ስመ ጥር የሆነው ሞቶኦሪ ኖሪናጋ (1730–1801) ከጻፋቸው አጫጭር ግጥሞች መካከል ሁለቱ ስለ ምግብ ናቸው። አንደኛው እህሉም ተክሉም የፀሐይ አምላክ የአማቴራሱ ጸጋ መሆኑን፣ ሌላው ጧትና ማታ የሚበላ ሰው ሁሉ በኢሴ ቤተ መቅደስ የምትመለከውን የምግብ አምላክ ቶዮኡኬን እንዲያስብ የሚናገሩ ናቸው። በኋላ ዘመን በሺንቶ ተከታዮች ዘንድ የመጀመሪያው ከምግብ በፊት፣ ሁለተኛው ከምግብ በኋላ የሚባል ጸሎት ሆኑ። ኖሪናጋ ሊቅ ነው፤ ነገር ግን በእነዚህ ግጥሞች ውስጥ ማድ ቤት የለም።

ማድ ቤቱ የት እንደ ነበረ ለማየት ወደ ገበሬው ቤት መግባት ያስፈልጋል። ጧት ከድስት የሚወጣው የመጀመሪያው ሩዝ በቤቱ ውስጥ ባለው መሠዊያ ላይ ለቡድሃና ለአያት ቅድመ አያት ይቀርብ ነበር። ቀጥሎ አባወራው፣ ከዚያም ሌሎቹ እንደ ማዕርጋቸው ይበላሉ። ሩዙን ከገበቴው የምታወጣው እመቤቲቱ ናት። የምታወጣበት ጠፍጣፋ የእንጨት ጭልፋ «ሻሞጂ» ይባላል። ብዙ ጊዜ ገብስ ወይም ሌላ እህል የተቀላቀለበትን ሩዝ፣ ለሠራተኛው እንዲበቃ ለሽማግሌው እንዲስማማ አድርጎ ማካፈል ቀላል ሥራ አልነበረም፤ የቤቱ ጎተራ እስከ መከር መድረስ አለመድረሱ በዚያች ጭልፋ ላይ የተመሠረተ ነበር። ስለዚህም ሻሞጂ የእመቤትነት በትረ ሥልጣን ሆነች። አማት ቤቱን ለምራቷ ስታስረክብ «ጭልፋዋን አስተላለፈች» ይባል ነበር። እነ ያናጊታ ኩኒዮን (1875–1962) የመሳሰሉት የሕዝብ ባህል ሊቃውንት ይህን ልማድ በጥንቃቄ መዝግበውታል። ያናጊታ ስለ ዕለታዊ ቃላት በጻፈው መጽሐፍ «ኢታዳኪማሱ»ንም መርምሮታል።

በዚያን ጊዜ እያንዳንዱ ሰው የሚበላው «ሐኮዘን» በሚባል የራሱ አነስተኛ የእንጨት ሣጥን ላይ ነበር። ክዳኑ ሲገለበጥ ገበታ ይሆናል፤ ሳሕኑና ጽዋው በውስጡ ይቀመጣል። ሰው በልቶ ሲጨርስ በሳሕኑ ላይ ሙቅ ውኃ ወይም ሻይ አፍስሶ አለቅልቆ ይጠጣና መልሶ ይከተዋል። እንደ ዛሬው በየምግቡ ዕቃ ማጠብ አልነበረም። በገበታ ላይ ወሬ ነውር ነው። ምራቲቱ ከገበቴው አጠገብ፣ ከሁሉ ዝቅ ባለው ስፍራ ተቀምጣ ለሌላው ትጨምራለች፤ ራሷ የምትበላው በመጨረሻ፣ ያውም በችኰላ ነው። በኦሳካ የሚገኘው ብሔራዊ የኢትኖሎጂ ሙዚየም ተመራማሪ ኢሺጌ ናኦሚቺና ጓደኞቹ ያን ዘመን ካዩ አዛውንቶች ቃል ሰብስበው በ1991 ያሳተሙት ጥናት ይህን ሁሉ ያሳያል። «ኢታዳኪማሱ» ማለት ዛሬ እንደምናየው በሁሉም ቤት አንድ ወጥ ሆኖ የጸና ልማድ እንዳልነበረም የምግብ ታሪክ ተመራማሪዎች ያስረዳሉ። ከጥንት ጀምሮ የነበረ ይመስለናል እንጂ፣ መላው ቤተ ሰብ ባንድ ድምፅ የሚለው ቃል የሆነው በቅርቡ ነው።

ይህን ለውጥ ያመጡት ሁለት ነገሮች ናቸው፤ አንደኛው የእንጨት ዕቃ፣ ሁለተኛው የመንግሥት ዐዋጅ። የእንጨት ዕቃው «ቻቡዳይ» የሚባለው እግሩ የሚታጠፍ ዝቅተኛ ገበታ ነው። በ1920ዎቹ ውስጥ በየቤቱ የነበረውን ሣጥን እያስለቀቀ በመምጣቱ፣ ቤተ ሰቡ በየግሉ መብላቱን ትቶ ባንድ ገበታ ዙሪያ ተሰበሰበ፤ እናትም ከልጆቿ ፊት ለፊት ተቀመጠች። ዐዋጁ ደግሞ ከሜጂ ዘመን (1868–1912) የመጣ ነው። እነ ናካሙራ ማሳናኦን የመሳሰሉ ምሁራን «ጥሩ ሚስት፣ ብልኅ እናት» የሚለውን አሳብ አስፋፉ፤ በ1899 የወጣው ሕግም እያንዳንዱ ክፍለ ሀገር ቢያንስ አንድ የሴቶች ከፍተኛ ትምህርት ቤት እንዲያቋቁም አዘዘ። ከዚያ በፊት በገበሬው ቤት ምራት የምትፈለገው ለጕልበቷ ነበር፤ ልጅ የማሳደጉ ሥራ በአብዛኛው የአያት ነበር። አሁን ግን እናት የልጅ አስተማሪ ናት ተባለ። ሥርዐተ ገበታን የምታስተምር እርሷ ሆነች። አስቸጋሪው ነገር እዚህ ላይ ነው። ለራሷ የሚገባውን ምስጋና ለልጇ እንድታስተምር የተሾመች ሴት፣ ለእኔ በሉ ብላ ልታስተምር አትችልም። ስለዚህ ለአማልክት፣ ለንጉሠ ነገሥቱ፣ ለገበሬው፣ ለአባታችሁ እያለች አስተማረች።

ይሁንና እናቶች በገበታ ጉዳይ ዝም ብለው የኖሩ አይደሉም። በጁላይ ወር 1918 በቶያማ ክፍለ ሀገር፣ ኡኦዙ በተባለች የዓሣ አጥማጆች ከተማ፣ የሩዝ ዋጋ እጅግ በናረበት ጊዜ፣ የአጥማጆቹ ሚስቶች ወደ ሆካይዶ ሩዝ ሊጭን የመጣውን መርከብ ለማገድ ወደብ ላይ ተሰበሰቡ። ይህ የጥቂት ሴቶች ድርጊት በጥቂት ሳምንታት ውስጥ አገሪቱን ያዳረሰ ሁከት ሆነ፤ የጠቅላይ ሚኒስትር ተራውቺ ማሳታኬ ካቢኔም በሴፕቴምበር ወደቀ። የታሪክ መጻሕፍት «የሩዝ ሁከት» ይሉታል። የሁከቱ መነሻ ባዶ ገበቴ ይዛ ከልጆቿ ፊት የቀረበች እናት ናት ብል ያጋነንኩ አይመስለኝም።

በጦርነቱ ዘመን ምስጋናው ሙሉ በሙሉ የመንግሥት ሆነ። በ1932 በኦሳካ የተጀመረው የሴቶች የአገር መከላከያ ማኅበር አባላቱን ያለበሰው የደንብ ልብስ «ካፖጊ» የተባለውን እጅጌ ያለው ነጭ የማድ ቤት ሽርጥ ነበር። የእናት የሥራ ልብስ የዘማች መሸኛ ልብስ ሆነ ማለት ነው። ከሴፕቴምበር 1939 ጀምሮ በየወሩ መጀመሪያ ቀን ሕዝቡ የግንባሩን ችግር እንዲያስብ ታዘዘ፤ ተማሪዎችም በምሳ ዕቃቸው ነጭ ሩዝና በመካከሉ አንድ ቀይ በጨው የተዘፈዘፈ ፕሪም ብቻ ይዘው ይመጡ ነበር። ሲከፈት የአገሪቱን ሰንደቅ ዓላማ ይመስላል። በ1941 በታላላቅ ከተሞች ሩዝ በራሽን መታደል ጀመረ። በየትምህርት ቤቱ ልጆች ከምሳ በፊት በኅብረት የሚደግሙት ግጥም ሰማይንና ምድርን፣ የንጉሠ ነገሥቱን ዘመን፣ ቅድመ አያቶችንና ወላጆችን በቅደም ተከተል የሚያመሰግን ነበር። ወላጅ የመጣው በመጨረሻ ነው። ከግጥሙ በኋላ ሁሉም ባንድነት «ኢታዳኪማሱ» ይላሉ። ዛሬ የምናውቀው የኅብረት አባባል በመላ አገሪቱ የጸናው በዚህ ሥርዐት ነው የሚሉ ተመራማሪዎች አሉ፤ እኔም አሳባቸው የሚያስኬድ ሆኖ አግኝቼዋለሁ።

ከ1944 ጀምሮ በመቶ ሺዎች የሚቈጠሩ የከተማ ልጆች ከአየር ድብደባ እንዲድኑ ከእናቶቻቸው ተለይተው ወደ ገጠር ተላኩ። ብዙዎቹ የተቀመጡት በቡድሃ ገዳማትና በእንግዳ ማረፊያዎች ነበር። በዚያም በቀጭን ሾርባና በስኳር ድንች ፊት ግጥሙን እየደገሙ «ኢታዳኪማሱ» አሉ። እናት በሌለችበት ገዳም እንደ ገና። ልዩነቱ፣ ዶገን ለምግቡ የወላጅን ልብ የጠየቀው አውቆ ነበር፤ እነዚህ ልጆች ግን የናፈቁት የእናታቸውን እጅ ነበር።

ከ1945ቱ ሽንፈት በኋላ ያለው ረኃብ ራሱን የቻለ ታሪክ ነው። የከተማ እናቶች የሠርግ ኪሞኗቸውን ሳይቀር ይዘው በተጨናነቀ ባቡር ወደ ገጠር እየሄዱ በሩዝና በድንች ይለውጡ ነበር። ልብስን አንድ በአንድ እየገፈፉ መብላት ስለሆነ፣ ቅርፊቱ በየተራ ከሚላጠው ከቀርከሃ ቡቃያ ጋር አመሳስለው «የቀርከሃ ቡቃያ ኑሮ» አሉት። በ1948 ደግሞ የማይጫር ክብሪት በራሽን እየታደላቸው የተማረሩ የቤት እመቤቶች ክብሪታቸውን ይዘው ለስብሰባ ወጡ። ከዚህ እንቅስቃሴ የተወለደው የቤት እመቤቶች ማኅበር በኦኩ ሙሜኦ (1895–1997) መሪነት ተቋቋመ። ዓርማው ትልቅ የእንጨት ጭልፋ ነበር። አማት ለምራት በማድ ቤት ውስጥ ታስተላልፋት የነበረችው ሻሞጂ በሰልፍ ላይ ታየች።

ከዚያ ወዲህ ካለው ታሪክ አንድ ነገር ብቻ ዘርዘር አድርጌ ላውሳ፤ የሞያ ጓደኞቼ ይወዱታል ብዬ አምናለሁ። በምድጃ እንጨት ሩዝ ማብሰል ሴቲቱን ጎሕ ሳይቀድ የሚያስነሣ ሥራ ነበር። እሳቱን እየጠበቁ፣ መጀመሪያ ቀስ፣ ከዚያ ጠንከር፣ በመጨረሻም ረገብ ማድረግ ያስፈልጋል። የቶሺባ ኩባንያ በራሱ የሚጠፋ የኤሌክትሪክ ሩዝ ማብሰያ ለማውጣት ባሰበ ጊዜ ሥራውን የሰጠው ሚናሚ ዮሺታዳ ለተባለ የአንድ ትንሽ ፋብሪካ ባለቤት ነበር። ሚናሚ ስለ ሩዝ የሚያውቀው ነገር አልነበረም፤ የምታውቀው ሚስቱ ፉሚኮ ናት። ልጆቿን እያሳደገች ከጧት እስከ ማታ ሩዝ እያበሰለች፣ ሙቀቱን በየጊዜው እየለካች መዘገበች። ሩዝ በሚገባ የሚበስለው ውኃው ከፈላ በኋላ 20 ደቂቃ ያህል ሲቈይ መሆኑንም አረጋገጡ። መፍትሔው ቀላል ነበር። በውጭኛው ድስት አንድ ኩባያ ውኃ ይደረጋል፤ ውኃው 20 ደቂቃ ያህል ቈይቶ ተንኖ ሲያልቅ ሙቀቱ ከ100 ዲግሪ ያልፋል፤ ሁለት ዐይነት ብረት የተጣበቀበት ማብሪያና ማጥፊያም በሙቀቱ ተጣሞ ኤሌክትሪኩን ያቋርጣል። ዕቃው በ1955 መጨረሻ ለገበያ ቀረበ፤ የሚሊዮኖችን እናቶች እንቅልፍም መለሰ። ፉሚኮ በ1959 በ45 ዓመቷ ዐረፈች።

የትምህርት ቤት ምሳ የተጀመረው በ1889 በያማጋታ ክፍለ ሀገር በቱሩኦካ ከተማ፣ መነኮሳት ለድኻ ልጆች የሩዝ ድቡልቡልና የጨው ዓሣ በመስጠታቸው ነው። ከጦርነቱ በኋላ በውጭ ዕርዳታ እንደ ገና ተቋቋመ፤ በ1954 ሕግ ወጣለት። ዛሬ ተማሪዎች በየተራ ነጭ ልብስ ለብሰው ለጓደኞቻቸው ያድላሉ፤ ሁሉም ከደረሰው በኋላ ባንድነት «ኢታዳኪማሱ» ይላሉ። ያች እናት የተቃወመችው ይህን ነው። ደብዳቤው በተነበበበት በዚያው በ2005 የጃፓን ምክር ቤት የምግብ ትምህርት መሠረታዊ ሕግን አጸደቀ። ሦስተኛው አንቀጽ ስለ ምግብ የምስጋና ስሜት ማሳደርን የሚመለከት ነው። መንግሥት ምስጋናን በሕግ ሲጽፍና እናት ልጄን ከምስጋና ነጻ አድርጉልኝ ስትል በአንድ ዓመት መገናኘታቸው የሚያስገርም ነው። ብዙዎቹ ተቃዋሚዎቿ የሰጧት መልስ፣ ምስጋናው ሕይወታቸውን ለሰጡን እንስሳትና ዕፀዋት ነው የሚል ነበር። መልካም መልስ ነው። ሆኖም ያች ሴት ራሷ ማታ ከሥራ ተመልሳ ምድጃ አጠገብ የምትቆም እንደሆነች፣ ለእርሷስ በቤቷ ማን ምን ይላታል ብሎ የጠየቀ ስለ መኖሩ አላነበብኩም።

 «ጎቺሶሳማ» በልማድ የታወቀ መልስ አለው። ልጁ በልቶ ሲነሣ «ጎቺሶሳማ» ካለ፣ ያበሰለችው ሴት «ኦሶማትሱሳማ» ትላለች፤ እንዲያው የማይረባ ነገር ነበር እንደ ማለት ነው። በእኛ አገር «እጅሽን ቍርጥማት አይንካው» ተብላ የተመረቀች ሴት «ምን የሚረባ ነገር አቀረብኩና» እንደምትለው መሆኑ ነው። ይህን መልስ ሊሰጥ የሚችለው ምግቡን የሠራው ሰው ብቻ ነው። ወጣቶቹ ዛሬ እምብዛም አይሉትም ይባላል፤ በዕድሜ የገፉት ሴቶች ግን ሳሕኑን እያነሡ ዛሬም ይሉታል።